ጠይብ ስድብ አይደለም

ወዳጆቼ፣ ዛሬ ረዘም አድርጌ ነው የምጽፈው። ጊዜ የሌላችሁ ለማታ አስቀምጡት፤ ግን ሳታነቡ ኮሜንት አትጻፉ።

ባለፈው ሳምንት ከቀጨኔ የገዛሁትን ጀበና ፎቶ አንስቼ «የቀጨኔ ጠቢባን እጃቸው ይባረክ» ብዬ ለጠፍኩ። ከስሩ የመጣውን ያያችሁ አይታችኋል። አንዱ «ጠቢባን ሳይሆን ጠይቦች በል» ብሎ የሳቅ ምልክት ደረደረ፤ ሰባ ምናምን ሰው ላይክ አደረገለት። አንዷ ደግሞ «ቲቸር፣ ቤትህ ሳታስገባው ጠበል እርጨው» አለች። ሌላው «ዲፕሎማ ይዞ ግዕዝ ሊያስተምረን ነው» አለ። የማከብረው አንድ ወዳጄ ደግሞ በኢንቦክስ መጥቶ «ይሄ ነገር ባይነሳ ይሻላል፣ ፖስቱን አጥፋው» ብሎ መከረኝ። አላጠፋሁትም። ይኸው ጭራሽ አንድ ሙሉ ጽሑፍ ጻፍኩበት።

የምለው አጭር ነው። ጠይብ የሚለው ቃል ጥፋት የለበትም። ጥፋቱ የእኛ ነው። ቃሉን ስድብ ያደረግነውም እኛ፣ አሁን ደግሞ ቃሉን ደብቀን ንቀቱን ይዘን ለመቀጠል የምንፈልገውም እኛ ነን።

ከቃሉ ልጀምር። አባቱ ግዕዝ ነው። በግዕዝ ጠበበ ማለት ዐወቀ፣ ብልህ ሆነ ማለት ነው። ጠቢብ ዐዋቂ፣ ጥበብ ዕውቀት። ቃሉ ወደ አማርኛ ሲመጣ መሃል ላይ ያለችው «በ» ላልታ ጠፋች። ይሄ በአማርኛ ብርቅ አይደለም፤ ሰብእ ሰው የሆነው፣ ነበረ ከሚለው ኖረ የወጣው በዚሁ መንገድ ነው። ጠቢብም ጠይብ ሆነ። ስለዚህ ያ ወንድማችን «ጠቢባን ሳይሆን ጠይቦች በል» ሲለኝ፣ «ውሃ ሳይሆን ውኃ በል» እንዳለኝ ነው የቆጠርኩት።

በነገራችን ላይ አማርኛው ውስጥ ሌላም ጠበበ አለ፤ ሰፊ ያልሆነው። እሱ በግዕዝ በጸሎቱ «ጸ» ይጻፍ ነበር፤ ዘሩ ሌላ ነው። በዘመን ብዛት አጠራራቸው አንድ ሆነ። የእኛም ታሪክ ከአንደኛው ጠበበ ወደ ሁለተኛው የተደረገ ጉዞ ይመስለኛል።

አሁን ይሄን ቤተሰብ ተመልከቱልኝ። ሰሎሞንን ጠቢቡ ሰሎሞን እንላለን። ዘፋኙን፣ ገጣሚውን፣ ተዋናዩን የጥበብ ሰው እንላለን፤ መድረክ ላይ ጠርተን እንሸልመዋለን። የሐበሻ ቀሚስ ጠርዝ ላይ ያለውን ጌጥም ጥበብ እንላለን፤ «ጥበቡ እንዴት ያምራል!» ብለን ዋጋ እንጠይቃለን። እዚያ ላይ ስንደርስ ግን ያንን ጥበብ በድርና ማግ ጉድጓድ ውስጥ ተቀምጦ የሠራውን፣ ጀበናውን በእጁ ያበጀውን፣ ማረሻውን የቀጠቀጠውን ሰው በዚያው ቃል እንሰድበዋለን። ልብሱ ጥበብ፣ ዘፋኙ የጥበብ ሰው፣ ሠሪው ግን ጠይብ። አንድ ቃል ነው፤ የተለያየው የምንናገርበት ፊት ነው።

ጥንት እንዲህ አልነበረም። መጽሐፍ ቅዱስ የምታነቡ ኦሪት ዘፀአት ምዕራፍ 31ን ክፈቱ። እግዚአብሔር ባስልኤልን በስሙ ጠርቶ በጥበብ ይሞላዋል። ምን እንዲሠራበት? እንዲሰብክበት አይደለም፤ ወርቅ፣ ብርና ናስ እንዲሠራበት፣ ድንጋይ እንዲቀርጽበት፣ እንጨት እንዲጠርብበት ነው። ጥበብ ማለት የእጅ ሥራ ነበር። ሰሜን ሸዋ ውስጥ በአንኮበር አካባቢ የነበሩትን የእጅ ሙያተኞችም በ19ኛው ክፍለ ዘመን የመጡ የውጭ ተጓዦች «ጠቢባን» በሚል ስማቸው መዝግበዋቸዋል። ስሙ ያኔም ሁለት ፊት ነበረው፤ ማረሻና ሸክላ ሲፈለግ ዐዋቂ፣ ልጅ ሲታመም ቡዳ።

ታዲያ ቃሉ እንዴት ወደቀ? እኔ እንደሚገባኝ የነገሩ ሥር መሬት ነው። በሰሜኑ የሀገራችን ክፍል ሰው ሰው የሚባለው ርስት ሲኖረው ነበር። ርስት የሌለው በምን ይኑር? በእጁ። ቤተ እስራኤልን ውሰዱ። በ15ኛው ክፍለ ዘመን ከዓፄ ይስሐቅ ጋር በተደረገው ጦርነት ተሸንፈው ርስታቸውን እንዳጡ ነው የሚነገረው። ከዚያ በኋላ ብረት ቀጠቀጡ፣ ሸክላ ሠሩ፣ ሸማ ሠሩ። ጎንደር የነገሥታት ከተማ ስትሆን በግንበኝነትና በአናጢነት አገለገሉ። ልብ በሉ፤ መሬት ስላልነበራቸው ነው ወደ እጅ ሥራ የገቡት። በኋላ ግን የእጅ ሥራ ስለሚሠሩ ነው መሬት የማይገባቸው ተባለ። ምክንያቱና ውጤቱ ቦታ ተለዋወጡ። ንቀት ሁልጊዜ የሚሠራው እንዲህ ነው፤ ሰውን ጉድጓድ ውስጥ ይጨምረዋል፣ ከዚያ «ይሄ ሰው ጉድጓድ ውስጥ የሚኖር ነው» ብሎ ይስቅበታል።

ሁለተኛው ምክንያት ፍርሃት ነው። ገበሬው ማረሻም ማጭድም ጦርም ከቀጥቃጩ ነው የሚያገኘው። ራሱ አይችልበትም። ድንጋይ የመሰለ ነገር እሳት ውስጥ ገብቶ እንደ ሊጥ ሲለዝብ ያያል። የምትፈልገውን ግን የማይገባህን ነገር ወይ ትማረዋለህ ወይ ትፈራዋለህ። እኛ መፍራቱን መረጥን። ሌሊት ጅብ ይሆናሉ፣ ዓይናቸው ይበላል፣ እያልን ተረት ሠራን። ለተረቱ ስንጠቀምበት ጠይብና ቡዳ አንድ ቃል መሰሉ።

ጠበል እርጨው ላለችው እህቴ አንድ ጥያቄ አለኝ። ቡዳነት ከብረትና ከእሳት የሚመጣ ከሆነ መርካቶ በር የሚበይደው ልጅ ቡዳ ነው? ብረታ ብረት ፋብሪካ የሚሠራው ኢንጂነርስ? ፒያሳ ወርቅ ቤት ቀለበትሽን ያጠበበልሽ ሰውዬ? በምኒልክ ዘመን ከአርመን የመጡ አንጥረኞች ቤተ መንግሥት ገብተው ለነገሥታቱ ጌጥ ይሠሩ ነበር፤ ማን ቡዳ አላቸው? ማንም። ስለዚህ የምትፈሪው ብረቱን አይደለም፤ ሸክላውንም አይደለም። የምትፈሪው ዘር ነው። ይሄን ደግሞ ሃይማኖት አታልብሺው። እኔም ቤተ ክርስቲያን እሄዳለሁ። ጠበልን አከብራለሁ። ጠበልን የጎረቤት መስደቢያ ማድረግ ግን ጠበሉን መናቅ ነው።

የቡዳው ተረት ደግሞ ተሰዳቢውን ብቻ አይደለም የሚጎዳው። ልጁ ሲንቀጠቀጥ «ጠይብ በልቶት ነው» ብለው እቤት ያስቀመጡት ቤተሰብ ስንት ነው? የሚጥል በሽታ መድኃኒት አለው። ወባም መድኃኒት አለው። ጎረቤት ስንጠረጥር ጤና ጣቢያው ይዘጋል።

ይሄ ነገር ነውር መሆኑን ደግሞ ዛሬ እኔ አላገኘሁትም። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው የሚሰድብ እንዲቀጣ አዋጅ አውጀዋል። አዋጁ ስድቦቹን አንድ በአንድ ይቆጥራል። ብረት የሚሠራው ጠይብ፣ ሸማ የሚሠራው ቁጢት በጣሽ፣ የሚጽፈው ጠንቋይ፣ ቤተ ክርስቲያን የሚያገለግለው ደብተራ፣ ነጋዴው መጫኛ ነካሽ እየተባለ እንደሚሰደብ ይናገራል። ከዚያ በኋላ የተሳደበ አንድ ዓመት ይታሰራል አሉ። ዝርዝሩን ስታዩት ያስቃል፤ ቀጥሎ ያስለቅሳል። ቀጥቃጩ ተሰደበ፣ ሸማኔው ተሰደበ፣ ጸሐፊው ተሰደበ፣ ዘማሪው ተሰደበ፣ ነጋዴው ተሰደበ። ታዲያ ሳይሰደብ የቀረው ማነው? ምንም የማይሠራው!

ደብተራን እንኳ ተመልከቱ። በግዕዝ ድንኳን ማለት ነው። ከዚያ ዜማና ቅኔ ዐዋቂው የቤተ ክርስቲያን ሊቅ መጠሪያ ሆነ። ዛሬ ሰፈር ውስጥ «እሱ እኮ ደብተራ ነው» ሲባል ምን ማለት እንደሆነ ታውቃላችሁ። እጁ ያወቀውን ጠይብ፣ አእምሮው ያወቀውን ደብተራ ብለን ሁለቱንም አስማተኛ አደረግናቸው። እኛ ሀገር የሚያስጠረጥረው ማወቅ ነው።

አዋጁ ለምን አልሠራም? ምላስን ስላሰረ፣ ኑሮን ስላልነካ ነው። የተሳደበ ይታሰር ተባለ፤ ተሰዳቢው ግን በብዙ ቦታ ርስት አላገኘም፣ ልጁን የሚድርለት አላገኘም። መሬቱ የተነካው በየካቲት 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ነው። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥትም አንቀጽ 25 ላይ ሰው በማኅበራዊ አመጣጡ እንዳይለይ ይደነግጋል። ወረቀቱ ሞልቷል። የጎደለው ጓዳ ውስጥ ነው፤ ልጅ ስትዳር፣ ሽማግሌ ሲላክ፣ «ዘራቸው ምንድነው?» ተብሎ በሹክሹክታ ሲጠየቅ።

አሁን ወደ ውጭ ልውሰዳችሁ። ኢኮኖሚክስ የተማራችሁ አዳም ስሚዝን ታውቃላችሁ። ስሙን ስትጠሩት ወገባችሁን ቀና ታደርጋላችሁ። ስሚዝ ማለት ምን ማለት ነው? ቀጥቃጭ! በጥንቱ እንግሊዝኛ እንዲያውም ብረት ሠሪ ብቻ አልነበረም፤ በወርቅም በእንጨትም በእጁ የሚሠራውን ሁሉ ይጠሩበት ነበር፤ ልክ እንደ እኛ ጠይብ። ዛሬ እንግሊዝ ሀገር ብዙ ሰው የሚጠራበት የቤተሰብ ስም ነው። ጀርመኑ ሽሚት ይለዋል፣ ዐረቡ ሀዳድ፣ ሩሲያዊው ኩዝኔትሶቭ። ስልካችሁ ላይ ፎቶዋን የምትለጥፏት ፌራሪስ? የመሥራቹ የኤንዞ ፌራሪ የቤተሰብ ስም ነው፤ ትርጉሙም ያው ከብረት ሠሪ የመጣ ነው። በእኛ ቋንቋ «የጠይብ መኪና» ናት። በነፃ ቢሰጧችሁ ጠበል ትረጩባታላችሁ?

እንግሊዞች ከእኛ የተሻሉ ቅዱሳን ስለሆኑ እንዳይመስላችሁ። እነሱም የራሳቸውን ነውር ሠርተዋል። ፊልም ላይ ክፉውን ሰውዬ ቪለን እንላለን አይደል? ቃሉ መጀመሪያ በባላባት እርሻ ላይ የሚሠራ ጭሰኛ ማለት ነበር። ባላባቶቹ ድሃውን ገበሬ ከመናቃቸው የተነሳ ስሙ ወራዳ፣ ቀጥሎ ወንጀለኛ ወደሚል ተለወጠ። በአንድ ሀገር፣ በአንድ ቋንቋ ቀጥቃጩ ከበረ፣ ጭሰኛው ወደቀ። ቃል የሚሄደው ሰዉ የሚሄድበት ነው። የተከበረ ሰው ስም ይከበራል፣ የተናቀ ሰው ስም ይቆሽሻል። ስሚዝ የተከበረው መዝገበ ቃላት አዘጋጆች ተሰብስበው ስለወሰኑ አይደለም፤ ቀጥቃጩ በከተማው ውስጥ ሱቅ፣ ማኅበር፣ ድምፅ ስለነበረው ነው።

ወደ ሰፈራችን ልመለስ። ጉለሌ ውስጥ የምንኖር ሰዎች ይሄን ነገር ለመናገር የመጨረሻዎቹ ልንሆን ይገባን ነበር። ክፍለ ከተማችን በምን ይታወቃል? ሽሮ ሜዳ ከታች እስከ ላይ ሸማ ነው። ከጋሞ ደጋ የመጡ ሸማኔዎች ልጆችና የልጅ ልጆች ናቸው ጥምቀትን ነጭ የሚያለብሱት። ቀጨኔ ደግሞ የሸክላ ሀገር ነው። እናቶች አፈሩን አቡክተው፣ ያለ ምንም ማሽን በእጃቸው ዙሪያውን እያሳደጉ፣ በለሰለሰ ድንጋይ እያሻሹ፣ በእሳት ተጠብሰው ይሠሩታል። ከመቶ ዓመት በላይ ይቺ ከተማ ቡናዋን የምታፈላው፣ እንጀራዋን የምትጋግረው በእነሱ እጅ ነው። በዓል ሲደርስ ሽሮ ሜዳ ወርደን የሦስት ሳምንት ሥራ «ቀንሱ እንጂ፣ ምን አላት?» ብለን እንከራከራለን። ያንኑ ልብስ ለብሰን ቁጭ ብለን፣ አለባበሱ ያላማረንን ሰው «ዶርዜ» እንላለን። ዶርዜ እኮ የሕዝብ ስም ነው! በጨንቻ አካባቢ ሀገር ያለው ሕዝብ ነው። ሥራውን ንቀን ስድብ አደረግን፤ ያ አልበቃ ሲለን የሕዝቡን ስም ራሱን ስድብ አደረግነው።

አስተማሪ ነኝና የማየውን ልንገራችሁ። መስከረም ላይ የክፍል ኃላፊ ስሆን ተማሪ ሁሉ ቅጽ ይሞላል። «የወላጅ ሥራ» የሚል ቦታ አለ። ሹፌር፣ ነጋዴ፣ ጥበቃ፣ የመንግሥት ሠራተኛ፣ ሁሉም ይጻፋል። በስንት ዓመት የማስተማር ዘመኔ ግን «ሸክላ ሠሪ» ብሎ የጻፈ ልጅ በጣት ነው የምቆጥረው። ቦታውን ባዶ ይተዉታል፣ ወይ «የግል» ብለው ያልፉታል። እናቷ ሠርታ ባሳደገቻት እጅ የምታፍር ልጅ አስራ ሁለት ዓመት አስተምረን ምን አስተማርናት? አንድ ቀን ደብተር ሳርም አንዷ ጀበና ስላ አየሁ። እጀታው፣ አፉ፣ አንገቱ፣ ልክ ነው። ማን አስተማረሽ ስላት ገጹን ገንጥላ አጣጠፈችው። እኔ ያንን ገጽ ነው ማረም የምፈልገው።

«ዲፕሎማ ይዞ» ላልከው ወንድሜም መልሴ እዚሁ ጋ ነው። አዎ፣ ዲፕሎማ ነው ያለኝ። አልደበቅኩም። ሰውን በሚችለው ሳይሆን በያዘው ወረቀት መመዘን የጠይብነቱ ንቀት ታናሽ ወንድም ነው። የ2014 ዓ.ም.ን የ12ኛ ክፍል ፈተና ታስታውሳላችሁ? ከተፈተኑት ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። የቀሩት ልጆች የት ይሂዱ? «የወደቀ ቴክኒክና ሙያ ይግባ» እንላለን። ቃሉን ስሙት፤ የወደቀ! ሙያ የሚባለውን ነገር የወደቁ ልጆች መጣያ አድርገን እናየዋለን። ወላጅ ልጁ ብየዳ ወይም እንጨት ሥራ ሲማር ለዘመድ አይናገርም። ይሄ ከየት የመጣ ይመስላችኋል? ጠይብ ብሎ ከሰደበው ከዚያው አፍ ነው የመጣው። ስሙ ተቀየረ፣ ወንበሩ ያው ነው። ከዚያ ተመልሰን «ሀገራችን ለምን መርፌ እንኳ ከውጭ ታስገባለች?» ብለን እንጠይቃለን። መርፌ የሚሠራውን ሰው ስድብ ስላደረግነው ነዋ!

በመጨረሻ ቃሉን አጥፋው ላልከኝ ወዳጄ። ልብህን አውቀዋለሁ፤ ሰው እንዳይከፋው ብለህ ነው። ግን አስብበት። «የእደ ጥበብ ባለሙያ» በል ትለኛለህ፤ ያው ጥበብ አይደል ውስጡ ያለው? ስሙን ብናሳምረው፣ ዋጋውን ግን ብንሰብረው፣ ልጁን ግን ብንነሳው፣ ነገ «ባለሙያ» የሚለውም በአሽሙር መነገር ይጀምራል። ንቀት ቃል አያጣም፤ አንዱን ስትነጥቀው ሌላውን ያነሳል። ደግሞ ቃሉን ስንቀብረው አብሮ የሚቀበረው ስድቡ ብቻ አይደለም፤ ዐዋቂ የሚለው ትርጉሙም ነው። ልጅቷ ከእናቷ የወረሰችው ስም ትርጉሙ ዐዋቂ መሆኑን ማን ይነግራታል?

ይህን ስል ግን ነገ መንገድ ላይ ሰው አስቁማችሁ «ጠይብ» በሉ ማለቴ አይደለም። በቃሉ የቆሰለ ሰው ቁስሉ የራሱ ነው፤ በምን ስም ልጠራ የሚለውን የሚወስነውም እሱ ነው። እኔ የምናገረው ለተሳዳቢው ወገን ነው። እኛ ነን ቃሉን ማጽዳት ያለብን፤ የሚጸዳው ደግሞ በኑሮ ነው።

ስለዚህ እንዲህ እናድርግ። ሸማም ሸክላም ስትገዙ የሠራውን ሰው ስም ጠይቁ። የዲዛይነሩን ስም ታውቃላችሁ፤ የሸማኔውን ግን አንዳችንም አናውቅም። የቀናት ድካም በታክሲ ሂሳብ አታስቀንሱ። ቤታችሁ ውስጥ ዶርዜ የሚል ቀልድ ሲነገር አትሳቁ፤ ልጅ የሚማረው ከሳቃችሁ ነው። አስተማሪ ጓደኞቼ ደግሞ ያንን የወላጅ ሥራ ስታነቡ፣ ሸክላ ሠሪ የሚል ካገኛችሁ ሐኪም የሚለውን በምታነቡበት ድምፅ አንብቡት። ልጅ ልታገባ፣ ልጅህን ልትድር ስትል ዘር የሚጠይቅ ሽማግሌ ቢመጣ፣ «አዎ፣ የጠቢብ ልጅ ናት» በለው። በግዕዝ ሊቃወምህ አይችልም።

የቀድሞ ተማሪዎቼ፣ ከእናንተ መሃል እናቱ ሸክላ ሠርታ፣ አባቱ ሸማ ሠርቶ ያሳደጉት ካለ፣ የእናቱን ወይ የአባቱን እጅ ሥራ ፎቶ ከዚህ ስር ይለጥፍ። የፈለገ ብቻ፤ ማንም አይገደድም። ክርክር ያለው ይጻፍ፣ እመልሳለሁ። ስድብ ይዞ የሚመጣውን ግን እንደ ምኒልክ አንድ ዓመት አላስረውም፤ ብሎክ ነው የማደርገው።